ሞተሃል፤ ተነስ

የአባቴ ሥራ መሞት ነበር። የሰው አባት ሐኪም ነው፣ ሾፌር ነው፣ ግንበኛ ነው፤ የኔ አባት ጠዋት ተነስቶ ጺሙን ተላጭቶ፣ ሻዩን ጠጥቶ ሊሞት ይወጣል። ፊልም ላይ ማለቴ ነው። በጥይት ይሞታል፣ በጩቤ ይሞታል፣ ከፎቅ ተወርውሮ ይሞታል፤ አንድ ጊዜ ደግሞ እስከ ዛሬ ባልገባኝ ምክንያት ሳሙና ፋብሪካ ውስጥ ሞቷል። ዳይሬክተሮቹ "እንዳንተ አድርጎ የሚሞት የለም" እያሉ ይሸነግሉታል፤ እሱም ሹመት እንደተሰጠው ሰው ደረቱን ነፍቶ ይመጣል። "እስቲ ዛሬ እንኳ ትንሽ ቆይተህ ሙት" ያለው ዳይሬክተር ግን የለም። ገና ተመልካቹ ወንበሩን ሳያሞቅ አባቴ ይወድቃል፤ አክተሩ፣ የፊልሙ ጀግና፣ በላዩ ተራምዶ ያልፋል። ከዚያ በኋላ ያ የወደቀ ሰው ቤት ነበረው ወይ፣ ልጅ ነበረው ወይ ብሎ የሚጠይቅ የለም።

ሰፈሩ በሙሉ "ሟቹ" ነበር የሚለው። "ሟቹ ዳቦ ገዝቶ አለፈ" ይላሉ። "የሟቹ ሚስት ቀሚሴን ጨረሰችልኝ ይሆን?" ይላሉ። እሱ ቅር አይለውም፤ እንዲያውም ኮፍያውን አንስቶ ሰላም ይላቸዋል። እርር ድብን የምለው እኔ ነኝ።

እኔን ያሳረረኝ ደግሞ ስሙ ብቻ ሳይሆን መሐላው ነው። ትምህርት ቤት ስንምል "አባቴ ይሙት" ነበር የምንለው። ሌላው ልጅ አባቴ ይሙት ካለ ነገር አለቀ፣ ይታመናል። እኔ ስል ክፍሉ በሳቅ ይታመሳል። "ያንቺማ ቅዳሜም ሞቷል" ትለኛለች ጥርሶ። ጥርሶ ከፊቴ የምትቀመጥ ልጅ ናት፤ ስሙን ያወጣንላት የፊት ጥርሶቿ ከሷ ቀድመው ስለሚደርሱ ነው። እርሳስ አልወሰድኩም ብዬ ለማሳመን እንኳ የሚበቃ አባት አልነበረኝም ማለት ነው። ሌሎቹ "አክተር አይሞትም" ይላሉ፤ ይህ በልጆች ዘንድ የጸደቀ ሕግ ነው። የሚሞት ሰው ደግሞ አክተር አይደለም።

ቤታችን ሁለት ክፍል ነው። በፊተኛው ክፍል የእናቴ የስፌት መኪና፣ መቁረጫ ጠረጴዛዋ፣ የደንበኞች ቀሚስ የሚሰቀልበት ገመድ አለ፤ ከዚህ ሁሉ የተረፈችው ወለል የአባቴ መሞቻ ናት። ልምምድ ይለዋል። እጁን ደረቱ ላይ ያደርጋል፣ ጉልበቱ ይከዳዋል፣ ትከሻው ዞር ይላል፣ ከዚያ ይዘረራል። አንገቱ ብቻ ትዘገያለች። ሌላው ሰውነቱ ሁሉ ወለሉ ላይ ካረፈ በኋላ እሷ ቀስ ብላ ወደ ጎን ትወድቃለች። "አንገት መጨረሻ ናት" ይለኝ ነበር፤ "ሌላው ሁሉ እሺ ሲል እሷ እምቢ የምትል ናት።"

ማንም ዞር ብሎ አያየውም። እናቴ መኪናዋን ትረግጣለች። ከእኛ ጋር የምትኖረው አክስቴ፣ የአባቴ ታላቅ እህት፣ የውሃ ባልዲዋን ይዛ በላዩ ትራመዳለች። "ወንድሜ ሬሳውን በር ላይ ካላጋደመ ደስ አይለውም። የት ልለፍ ታዲያ?" ትላለች።

ዳኛዋ እኔ ነበርኩ። ሥርዓቱን ማን እንዳወጣው አላስታውስም፤ ነፍስ ሳውቅ ጀምሮ ነበር። ሞቶ ሲጨርስ ሄጄ ጎንበስ እላለሁ፤ የዓይኑን ሽፋን በጣቴ ገለጥ አደርጋለሁ፣ ጆሮዬን አፉ ላይ አስጠጋለሁ። የላብና የመላጫ ሳሙና ሽታው እስከ ዛሬ አፍንጫዬ ውስጥ አለ። ሽፋሽፍቱ ከተንቀጠቀጠ "አልሞትክም፤ ድገመው" እለዋለሁ፤ ሳያጉረመርም ይደግማል። ከተዋጣለት "ሞተሃል፤ ተነስ" እላለሁ። ይህን ሳልል አይነሳም። አንድ ጊዜ ረስቼው ልጫወት ወጥቼ ስመለስ እዚያው ተጋድሞ አገኘሁት፤ አክስቴ ዙሪያውን ጠርጋ፣ እሱን እንደ ቁም ሣጥን አልፋው ሄዳለች።

አንድ ቀን ምሳ ላይ ጥርሶ ያለችኝን ሁሉ እያብሰለሰልኩ ነበር። አባቴ ለአክስቴ ሾርባ እየጨመረላት "በሞቴ፣ ይቺን ብቻ" ይላታል።

"በየትኛው ሞትህ?" አለችው አክስቴ።

እነሱ ሲስቁ እኔ አለቀስኩ። "አባዬ፣ በሚቀጥለው አትሙት" አልኩት።

"እሱ የኔ ሥልጣን አይደለም የኔ ልጅ። ጸሐፊው ሙት ብሎ ከጻፈ እሞታለሁ።"

"እሺ አንተው ጻፈዋ።"

ማንኪያውን አስቀምጦ አየኝ። ያኔ ነገሩን እንደጨረስኩት አልተጠራጠርኩም። አንድ ሰው ሐሳብ አጥቶ ኖሮ፣ እኔ ሰጠሁት ማለት ነው።

ከዚያ ምሳ ብዙም ሳይቆይ አባቴ ከቀረጻ በሁለት ሰዎች ተደግፎ መጣ። አንዱ የመብራት ሠራተኛ ነው፤ ሌላኛው የመኪናው ሾፌር። እናቴ የያዘችውን ጨርቅ ከነመርፌው ጣለችው። አክስቴ እጄን አፈፍ አድርጋ ወደ ጓሮ ወሰደችኝና ልብስ ማስጫ ገመዱ ሥር የማይረባ ነገር ታወራኝ ጀመር። ስመለስ አባቴ ወለሉ ላይ፣ ብርድ ልብስ ተነጥፎለት፣ ቀጥ ብሎ በጀርባው ተኝቷል። ሥራዬን አውቃለሁ፤ ሄድኩ፣ ጎንበስ አልኩ፣ ዓይኑን ገለጥ አደረግኩ።

"ሞተሃል፤ ተነስ።"

አልተነሳም። ጣሪያውን እያየ "ዛሬ አልነሳም" አለኝ። "ዛሬ እየጻፍኩ ነው።"

"በምን?"

"በጭንቅላቴ።"

አክስቴ ፊቷን ወደ ግድግዳ አዞረች። እኔ ደግሞ ደስታ ሊገድለኝ ደረሰ። የለመንኩትን አደረገ፤ መሞቱን ትቶ ጸሐፊ ሆነ፤ ጸሐፊዎች ደግሞ ለካ የሚሠሩት ተኝተው ነው። በማግስቱ ለክፍሉ ሁሉ አወራሁ። "የኔም አባት ይተኛል" አለች ጥርሶ፤ "ምን ጻፈ?"

እውነቱን የሰማሁት ትልቅ ሰው ሆኜ ነው፣ ከአክስቴ። አባቴ ከድንጋይ ደረጃ ላይ ወድቆ ነበር፤ መውደቅ የነበረበትን ያህል፣ አሳምሮ ነው የወደቀው። ዳይሬክተሩ ግን አክተሩ በላዩ ሲራመድ ጫማው በደንብ አልታየም ብሎ "አንዴ ድገምልን" አለ። አባቴም እንደ ልማዱ ሳያጉረመርም ደገመ፤ ወገቡ እዚያ ላይ ተሰነጠቀ። ለጫማ ማለት ነው። ሐኪሙ "ከእንግዲህ መውደቅ የሚባል ነገር የለም፤ አንድ ጊዜ ብትወድቅ ላትነሳ ትችላለህ" ብሎታል። ከኔ የደበቁት አፌን ፈርተው ነው። ሟቹ መውደቅ አይችልም ተብሎ ከተወራ ማን ይጠራዋል? ከአፍ ከወጣ አፋፍ አለች እናቴ፤ ሆድ ይፍጀው ተባለ።

ያን ወቅት ቤታችን እብድ ቤት ነበር። አባቴ እናቴ ጨርቅ የምትቆርጥበትን ጣውላ ደረቱ ላይ አቁሞ፣ በጀርባው እንደተኛ ይጽፋል። እስክሪብቶ ወደ ላይ ሲይዙት ቀለሙ ስለሚቋረጥ የሚጽፈው በእርሳስ ነው። ወረቀቱ ከዚህ በፊት የሞተባቸው ፊልሞች ስክሪፕት ነው፤ በጀርባው በኩል ነጭ ነዋ። እርሳሱን የምትቀርጸው አክስቴ ናት፣ በወጥ ቤት ቢላ። "ሽንኩርት ልክተፍበት ወይስ እርሳስ ልቅረጽበት? ለይታችሁ ንገሩኝ" እያለች። እሱ ደግሞ የጻፈውን በየሰዉ ድምፅ ይናገረዋል፤ የወንድ፣ የሴት፣ የሽማግሌ። ደንበኞች ቀሚስ ለመለካት ሲገቡ ወለሉ ላይ የተጋደመ ሰው በቀጭን የሴት ድምፅ "ቁልፉን የት አደረግከው?" ይላቸዋል። ቀሚሷን ሳትለካ የሄደች ደንበኛም ነበረች።

ከዚያ ጥያቄው መጣ። ጥያቄው ነው የባሰው። ምንም በማይገናኝ ሰዓት ከወለሉ ላይ ድምፁ ይወጣል።

"አንድ ሰው በሩን አንኳኩቶ ባልሽ ሞተ ቢልሽ፣ መጀመሪያ ከአፍሽ የሚወጣው ምንድነው?"

እናቴ ቀና አላለችም። "ምሳውን ሳይበላ ነው? እላለሁ።"

"አትቀልጂ።"

"ማን ቀለደ? ቁጭ ብዬ የምጠብቅህ ለምሳ ነው እኮ። ሰው ሌላ ምን ትዝ ይለዋል?"

እርሳሱ ወረቀቱ ላይ ሲሮጥ ሰማሁት። አክስቴን ጠየቃት፤ "ልብሱን ለማን ልስጠው? እላለሁ" አለች፤ ለዚያውም ቀድማ ያሰበችበት ትመስል ነበር። ከዚያ ወደ እኔ ዞረ። አንገቱን ብቻ ነው ማዞር የሚችለው።

"አንቺስ?"

"እኔ አላምናቸውም።"

"ለምን?"

"አንተ መቼ ሞተህ ታውቃለህና ነው? ሄጄ ዓይንህን አያለሁ፤ ሞተሃል ተነስ እልሃለሁ።"

"ባልነሳስ?"

"ትነሳለህ።"

የኔን መልስ አልጻፈውም። የእናቴን ጻፈ፣ የአክስቴን ጻፈ፣ የኔን ሲሆን እርሳሱን ጆሮው ላይ ሰካና ጣሪያውን ያይ ጀመር። ተናደድኩ። ሐሳቡን የሰጠሁት እኔ፤ መልሱ የማይጻፈው የኔ።

አባቴ ቀና ብሎ መራመድ ሲጀምር ፕሮዲውሰሩ ቤታችን መጣ። ግዙፍ ሰው ነው፤ ሲቀመጥ ወንበሩ ላይ የነበረውን የመርፌ ትራስ አላየም፣ ወዲያው ተነሳ፤ ከዚያ በኋላ የተነጋገረው ሁሉ በቁሙ ነው። እኔ ገመዱ ላይ ከተሰቀሉት ቀሚሶች መሀል ገብቼ ቆሜያለሁ። የካውያ ትኩሳት ያልለቀቀው ጨርቅ ፊቴ ላይ ያርፋል፤ የማየው ነገር የለም፤ የምሰማው ግን ብዙ ነው።

"ታሪኩ ይከብዳል እንጂ ጥሩ ነው" አለ ፕሮዲውሰሩ። "መልከ መልካሙም ገብቶበታል።" መልከ መልካሙ በየፊልሙ አክተር የሚሆነው፣ በአባቴ ላይ የሚራመደው ሰውዬ ነው። "የቀረን ያንን የመጋዘን ጠባቂ ሰውዬ ማን ይጫወተው የሚለው ነው።"

"እኔ" አለ አባቴ።

የስፌት መኪናው ቆመ። "ምን አልክ?" አለች እናቴ።

"ሰውየው እኔ ነኝ አልኩ።"

"ይሞታል እኮ።"

"አዎ፣ ይሞታል።"

"አንተ ከእንግዲህ አትሞትም። እዚህ ፊልም ላይ አትሞትም፣ ሌላም ፊልም ላይ አትሞትም።" ድምፅዋ እንዲህ ሲሆን ሰምቼው አላውቅም። "እርስዎም ይስሙኝ። ሟች ከፈለጉ ከሌላ ቦታ ይፈልጉ። ይህ ሰው አይሞትም፤ በቃ።"

"እሺ እህቴ፣ እሺ" አለ ፕሮዲውሰሩ። "አይሞትም። መላ አይጠፋም።"

ይህን ጊዜ አክስቴ ከቀሚሶቹ ሥር እግሬን አየችውና ጆሮዬን ይዛ፣ ክር ግዢ ብላ ሰደደችኝ። መንገዱን በሙሉ ሮጥኩ። ሰውየው አባቴ ነው፤ አይሞትም። እናቴ ራሷ ፈርዳለች፤ ፕሮዲውሰሩ ራሱ እሺ ብሏል። አክተር አይሞትም፤ ስለዚህ አባቴ አክተር ሆኗል። አክስቴ "የልጅ ነገር ሁለት ፍሬ፣ አንዱ ብስል አንዱ ጥሬ" የምትለው እንዲህ ያለውን ነው። እኔ የለቀምኩት ጥሬዋን ብቻ ነው።

እኔ ከወጣሁ በኋላ አባቴ ያለው ግን፣ ኋላ አክስቴ እንደነገረችኝ፣ ሌላ ነበር። "ዕድሜዬን ሙሉ የሰው ሞት ነው የሞትኩት፤ ይቺን አንዷን የራሴን ለማንም አልሰጥም" ብሏል። እናቴ ስለ ወገቡ ብትጮህ፣ ብትለምን፣ ጭራሽ ብታኮርፍ አልሰማትም። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም ይባል የለ፤ አባቴ ደግሞ ወረቀቱን ይዞ ሞኝም ሆነ። በመጨረሻ እሷው ከሸራና ከጥጥ ወፍራም ሰደርያ ሰፋችለት፤ ከሸሚዙ ሥር ለብሶት እንዲወድቅ፣ ወገቡን እንዲይዝለት። ስትለካው ትዝ ይለኛል። ሳታናግረው፣ ከንፈሯ መሀል ስፒል ነክሳ፣ ጨርቁን በንዴት እየጎተተች ትሰካለች፤ እሱ ደግሞ በተወጋ ቁጥር ጣሪያውን ያያል። እኔ የአክተር ካፖርት መስሎኝ "ኪስ አድርጊለት" አልኳት። እናቴ ወጥ ቤት ገብታ ብዙ ቆየች።

ትምህርት ቤት የሆነውን ብተወው ደስ ባለኝ። ጥርሶ ፊት ቆሜ፣ ሁሉም እየሰማ፣ "አባቴ ይሙት፣ በዚህኛው አይሞትም" አልኩ። መሐላው ራሱ ምን ያህል ቂል እንደሆነ ያን ጊዜ አልታየኝም። ጥርሶ ግን ታይቷት ነበር መሰለኝ፤ "እናያለን" አለች።

አየን። ፊልሙ የታየው ከሰዓት በኋላ ነው። አዳራሹ ሞልቷል፤ ጥርሶ ከእናቷ ጋር ከጎኔ ተቀምጣለች፣ በሌላው ጎኔ አክስቴና እናቴ አሉ። አባቴ ራሱ ትኬቱን አስቆርጦ፣ ወንበሬን በመዳፉ ጠርጎ አስቀመጠኝ። እሱ ግን አልተቀመጠም፤ ኋላ በሩ አጠገብ ቆመ። ኩራቱ ነው ብዬ ነበር። ለካ ወገቡ ያን ያህል ጊዜ መቀመጥ አይችልም።

መብራት ጠፋ። አባቴ ወጣ፤ የመጋዘን ጠባቂ ነው። ቁልፎቹን ይቆጥራል፣ የምሳ ዕቃውን ድንጋዩ ደረጃ ላይ ያስቀምጣል፣ ኮፍያውን ያስተካክላል። ጥርሶን በክርኔ ጎሸም አደረግኳት። አንድ ድምፅ ተሰማ፤ አባቴ ዞረ፤ ሌቦች ናቸው። ተኩስ። እጁን ደረቱ ላይ አደረገ፣ ጉልበቱ ከዳው፣ ትከሻው ዞረ፣ ከደረጃው ወደቀ። አንገቱ መጨረሻ ላይ ወደ ጎን ወደቀች።

"ይነሳል" አልኳት ጥርሶን።

መልከ መልካሙ እየሮጠ መጣና በላዩ ተራምዶ አለፈ።

ጥርሶ አልሳቀችም። ብትስቅ ይሻለኝ ነበር። ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብላ "አባትሽ ይሙት?" አለችኝ፤ በጥያቄ።

ተነሳሁ። የሰው ጉልበት እየገፋሁ፣ የሰው ጫማ እየረገጥኩ ወጣሁ፤ አክስቴ "ምን ሆነች ይቺ ልጅ?" እያለች ተከተለችኝ። በገዛ እጁ ጽፎ፣ በገዛ እጁ ራሱን ገደለ። ማን አስገደደው? አንድ ሰው እርሳሱም ወረቀቱም በእጁ ሆኖ፣ ልጁ እየለመነችው፣ ሚስቱ ፈርዳለት፣ እንዴት መልሶ ይሞታል? አባቴ በሩ ላይ ሊይዘኝ እጁን ዘረጋ። "ቆይ እንጂ" አለኝ በሹክሹክታ፣ "አሁን ነው የሚጀምረው።"

ዓይኑን አላየሁትም። "ሞተሃል" ብዬው አለፍኩ። ተነስ አላልኩትም።

መተላለፊያው ውስጥ፣ ትኬት ቆራጩ አጠገብ፣ አክስቴ ብስኩት ገዝታልኝ ፊልሙ እስኪያልቅ ተቀመጥን። "እኔንም ከወንድሜ ፊልም አስቀረሽኝ" እያለች ብስኩቱን ግማሹን እሷ በላችው። ከውስጥ ብዙ ጊዜ ድምፅ የለም። ከዚያ ሰው አፍንጫውን ሲናፈጥ ይሰማል።

ሲወጡ የማላውቃቸው ሴቶች እየመጡ ጸጉሬን ይዳብሱኛል፤ አንዷማ ጉንጬን ይዛ አተኩራ አይታኝ ሄደች። ጥርሶ ዓይኗ ቀልቶ ወጣችና ሳልጠይቃት ከረሜላዋን ሰጠችኝ፤ እንዲህ ያለ ነገር ከሷ ታይቶ አይታወቅም። አባቴ ስላሳፈረኝ አዝነውልኝ ነው ብዬ ደመደምኩ። ከረሜላውን መሬት ላይ ጣልኩት። እናቴ መጨረሻ ላይ ወጣችና አቀፈችኝ። "ሌላ ቀን ገብተሽ ታዪዋለሽ" አለች። አላየሁትም። ነገ ዛሬ ሲሉኝ እምቢ እያልኩ፣ ፊልሙም ብዙ ሳይቆይ ወረደ። በወረቀቱ ጊዜ ሞኙ አባቴ ነበር፤ በዚህ ጊዜ ተራው የኔ ነው።

አባቴ ከዚያ በኋላ አልሞተም። ጸሐፊ ሆነ፣ ለዚያውም የሚፈለግ ጸሐፊ፤ ሰፈሩ ግን እስከ መጨረሻው ሟቹ አለው። እሱም ፕሮዲውሰሮችን ሲያሳርር ኖረ። በስክሪፕቱ ውስጥ ሻይ አቅርቦ የሚወጣ አስተናጋጅ ካለ፣ ያ አስተናጋጅ ጥርሱን ያመዋል። በር የሚከፍት ዘበኛ ካለ ከአማቱ ጋር ተጣልቷል። "ለአስተናጋጁ የጥርስ ሕመም ምን ያደርግለታል?" እያሉ ይጮሁበታል። "ሕመሙን ከወሰድክበት ማን ሆኖ ነው ሻዩን የሚያቀርበው?" ይላቸዋል። እነዚያን ፊልሞች ሁሉ አይቻለሁ፤ ስለ ሁሉም ተጨቃጭቀናል። ስለዚያ አንዱ ግን ማንም ቤታችን ውስጥ አያነሳም። እኔ አልጠይቅም፣ እሱ አይናገርም። እናቴ "እዪው እንጂ አንቺ ልጅ" እንዳለችኝ ከጥቂት ዓመታት በፊት አረፈች።

አሁን አባቴ ከኔ ጋር ነው የሚኖረው፤ መኖር ከተባለ። ሪሞቱን ከእጁ አይለቅም፣ ድምፁን ጎረቤት እስኪሰማ ይጨምራል፣ ዜና አንባቢውን ሳይቀር አነባበቡን ያርመዋል። ባለፈው ከሰዓት ልብስ እያጠፍኩ ነበር። ቀና ስል ቴሌቪዥኑ ላይ የመጋዘን ጠባቂ ቁልፍ ይቆጥራል።

ጣቢያውን ቀይረው ልል አልኩና አፌን ያዝኩ። ወደቀ። አንገቱ መጨረሻ ላይ ወደቀች። መልከ መልካሙ ተራመደው። ሳላስበው ተነስቼ ወደ ወጥ ቤት ስሄድ አባቴ ከወንበሩ ላይ፣ ፊቱን ሳያዞር፣ "ቆይ እንጂ" አለኝ፤ "አሁን ነው የሚጀምረው።"

ቆሜ አየሁ። መልከ መልካሙ ጥቂት ሮጦ ቆመ። ዞር ብሎ የተራመደበትን ሰው አየው። ካሜራው ከሱ ጋር አልሄደም፤ መሬት ላይ፣ ከአባቴ ጋር ቀረ። ከዚያ ሰዎች አነሱት፣ መኪና ላይ ጫኑት፣ የምሳ ዕቃውን ከጎኑ አስቀመጡለት፣ ወደ ቤቱ ወሰዱት። ፊልሙ ያ ቤት ነው፤ ከዚያ በኋላ ያለው በሙሉ። የስፌት መኪና አለ፣ ቀሚስ የተሰቀለበት ገመድ አለ። በሩ ተንኳኳ፤ ሴትየዋ ከመኪናዋ ቀና ሳትል ሰማች።

"ምሳውን ሳይበላ ነው?" አለች።

የእናቴ ድምፅ አይደለም፤ ቃሉ ግን የእናቴ ነው። አባቴን ዞር ብዬ አየሁት። ከንፈሩ ከሴትየዋ ጋር አብሮ ይንቀሳቀስ ነበር። ያጠፍኩት ልብስ ላይ ተቀመጥኩ።

እህቱ ልብሱን ለማን እንደምትሰጥ ጠየቀች። ከዚያ አንዲት ልጅ ከቀሚሶቹ መሀል ወጣች። የተናደደች ልጅ ናት፤ በሰው ሁሉ የተናደደች። ወለሉ ላይ ወደተኛው አባቷ ሄዳ ጎንበስ አለች፣ የዓይኑን ሽፋን በጣቷ ገለጥ አደረገች፣ ጆሮዋን አፉ ላይ አስጠጋች።

"ሞተሃል፤ ተነስ" አለች።

አልተነሳም።

"ሞተሃል አልኩህ እኮ። ተነስ እንጂ።"

ከዚያ በኋላ ያለውን ሁሉ አየሁ፤ ልጅቷ እየዞረች አባቷ ማን እንደነበር ስትጠይቅ፣ መልከ መልካሙ ሊያግዛት ከኋላዋ ሲከተል፣ መዝጊያው ላይ እስከምትወጣው የመጨረሻዋ ስም ድረስ። ሲያልቅ ማልቀሴን ትቼ ተናድጄ ነበር። እውነቴን ነው፣ አንጀቴ እስኪያር ተናደድኩ።

"ለምንድነው ያልነገርከኝ?"

"ትኬት አስቆርጬ፣ ወንበሩን ጠርጌ አስቀመጥኩሽ እኮ። ከዚህ በላይ እንዴት ይነገራል?"

"ከዚያ በኋላስ? ይሄን ሁሉ ዓመት?"

"አንቺን ማን ይናገርሻል?" አለ። "አባዬ አክተር አልሆነም ብለሽ አኮረፍሽ። አክተሩ አንቺ ነበርሽ። አክተር ደግሞ አይሞትም፤ ቁጭ ብለሽ ብታዪ ኖሮ ታውቂው ነበር።"

ከዚህ ሰውዬ ጋር ክርክር አሸንፌ አላውቅም። ሻይ ላፈላ ገባሁ፤ ኩባያውን አለአግባብ እያንኳኳሁ፣ ለራሴ እያጉረመረምኩ ቆየሁ። ይዤ ስመለስ ቴሌቪዥኑ ጠፍቷል። አባቴ ወንበሩ ላይ ዘፍ ብሏል፤ እጁ ከመደገፊያው ተንጠልጥሏል፤ አንገቱ ግን ገና ቀጥ እንዳለች ነው። እያየኋት ቀስ ብላ ወደ ጎን ወደቀች።

ይህን ዘዴውን እንደ ስሜ አውቀዋለሁ። ኩባያውን አስቀምጬ ሄድኩ፣ ጎንበስ አልኩ፣ የዓይኑን ሽፋን ገለጥ አደረግኩ። ቆዳው እንደ ወረቀት ስስ ሆኗል። ጆሮዬን አፉ ላይ አስጠጋሁ። ትንፋሹን ይዞታል፤ ድሮም እንዲህ ነበር የሚይዘው። ቃሉን ልል አፌን ከፈትኩ። "ሞተሃል" የሚለው አልወጣልኝም።

"ተነስ" አልኩት።

አንድ ዓይኑን ገለጠ። "ግማሹን ዘለልሽው" አለኝ።

"አትዝለይው ብለህ ጻፍና እለዋለሁ" አልኩት። "አሁን ተነስና ሻይህን ጠጣ፣ ይቀዘቅዛል።"